በሦስት ገድፎ መቁጠር

የአንባቢያን ጥያቄና መልስ፦ የሒሳብ ዓምድ

ጥያቄ፦ ይድረስ ለሒሳብ ዓምድ አዘጋጅ። በቅድሚያ የከበረ ሰላምታዬን አቀርባለሁ። በምሥራቅ ጎጃም በቢቸና ከተማ የሁለተኛ ደረጃ የሒሳብ መምህር ነኝ። ወደ ዘመናዊው ትምህርት ከመግባቴ በፊት በአብነት ትምህርት ቤት ስለቆየሁ ባሕረ ሐሳብን በልጅነቴ ተምሬያለሁ፤ ስለዚህ ቁጥርን ገድፎ፣ ማለትም በሌላ ቁጥር አካፍሎ፣ በቀሪው መሥራት ለእኔ እንግዳ ነገር አይደለም። በቅርቡ ለተማሪዎቼ እንዲህ የሚል ጥያቄ ሰጠኋቸው፦ አንድ ገበሬ ለጤፍ አጨዳ 10 ጎረቤቶቹን በደቦ ጠራ፤ ማን እንደሚመጣና ማን እንደሚቀር አይታወቅም፤ የመጡት ሰዎች አንድም ሳይተርፍ ሦስት ሦስት ሆነው መሰለፍ እንዲችሉ ሰዎቹ በስንት ዓይነት መንገድ ሊመጡ ይችላሉ? ተማሪዎቹ ማንም ያልመጣበትን ጨምረው በእጃቸው ቆጠሩና 341 አገኙ። እኔም ምናባዊ ቁጥር ባለባቸው በኮምፕሌክስ ቁጥሮች በሚሠራው ቀመር አረጋገጥኩት፤ 341 ሆነ። ይሁን እንጂ ሁለት ሰው የሚተርፍበትን በዚያው ቀመር ስሠራው አሁንም 341 መጣ፤ በእጅ ሲቆጠር ግን 342 ነው። ስሕተቴ የቱ ላይ ነው? ከዚህም ሌላ አንድ ተማሪዬ «የሌለ ቁጥር ያለውን ሰው እንዴት ሊቆጥር ይችላል?» ብሎ ጠየቀኝና የሚያጠግብ መልስ አጣሁለት።

መልስ፦ የተከበሩ መምህር፤ ስሕተትዎ አንዲት ማባዛት መዝለልዎ ብቻ ስለሆነ በቀላሉ ይታረማል። የተማሪዎ ጥያቄ ግን ከዚያ የሚከብድ ነውና ከእርሱ ብጀምር የእርስዎም ስሕተት በዚያው መንገድ ላይ ራሱን ይገልጣል ብዬ አምናለሁ።

በመጀመሪያ ቆጠራውን በፖሊኖሚያል እንጻፈው። ተለዋዋጩን «ቀ» እንበለው። እያንዳንዱ ጎረቤት ወይ ይቀራል ወይ ይመጣል፤ መቅረቱን በ1፣ መምጣቱን በቀ ብንወክል የአንዱ ሰው ጉዳይ (1 + ቀ) ይሆናል፣ የዐሥሩም ሰዎች (1 + ቀ)¹⁰ ይሆናል። ይህ ተባዝቶ ሲዘረዘር ከእያንዳንዱ የቀ ርቢ ፊት የሚቆመው ቁጥር፣ ማለትም ኮኤፊሸንቱ፣ ያን ያህል ሰው ሊመጣ የሚችልባቸውን መንገዶች ብዛት ይነግረናል። ኮኤፊሸንቶቹ በቅደም ተከተል 1፣ 10፣ 45፣ 120፣ 210፣ 252፣ 210፣ 120፣ 45፣ 10 እና 1 ሲሆኑ ድምራቸው 1024 ነው። ተማሪዎችዎ የደመሩት ርቢያቸው 0፣ 3፣ 6 እና 9 የሆኑትን ነው፤ 1 + 120 + 210 + 10 = 341። እንግዲህ የምንፈልገው ሁሉንም ሳንዘረዝር እነዚህን አራቱን ብቻ አሳልፎ ሌሎቹን የሚያስቀር ወንፊት ነው።

ለ2 የሚሆነውን ወንፊት ተማሪዎችዎ ያውቁታል፤ ወንፊት መሆኑን ግን አላስተዋሉት ይሆናል። በቀ ቦታ 1 ሲገባ ሁሉም ኮኤፊሸንቶች ተደምረው 1024 ይሰጣሉ። በቀ ቦታ −1 ሲገባ ደግሞ ርቢያቸው ተጋማሽ የሆኑት እንዳሉ ይቀመጣሉ፣ ርቢያቸው ጎዶሎ የሆኑት ግን ምልክታቸው ይገለበጣል፤ (1 − 1)¹⁰ ስለሆነም ውጤቱ 0 ነው። ሁለቱን ውጤቶች ስንደምር ጎዶሎዎቹ እርስ በርስ ይጣፋሉ፣ ተጋማሾቹ ሁለት ሁለት ጊዜ ይቆጠራሉ፤ 1024 + 0 ለ2 ሲካፈል 512 ነው፣ ተጋማሽ ቁጥር ያለው ሰው የሚመጣውም በ512 መንገድ ነው። እዚህ ላይ −1 የሠራውን ሥራ ልብ ይበሉልኝ። ወደ ደቦው የሚመጣ −1 ሰው የለም፤ ሆኖም −1ን «የሌለ ሰው እንዴት ይቆጥራል?» ብሎ የሚከስ ተማሪ አላየሁም። −1 የገባው ሊቆጠር አይደለም፤ የማይፈለገውን ሊያጣፋ ነው። ለዚህ ያበቃው ጠባይም በራሱ ሲባዛ 1 መሆኑና ከ1 ጋር ሲደመር 0 መሆኑ ነው።

ወደ 3 ስንሻገር ሦስት ጊዜ በራሱ ሲባዛ 1 የሚሆን፣ ነገር ግን ራሱ 1 ያልሆነ ቁጥር ያስፈልገናል። በቁጥር መስመር ላይ እንዲህ ያለ ቁጥር የለም፤ በመስመሩ ላይ ወደ ግራና ወደ ቀኝ ብቻ ስለሚኬድ ከ1 ተነሥቶ በሦስት እኩል እርምጃ ወደ 1 መመለስ አይቻልም። ከመስመሩ ወጥተን በሜዳው ላይ ብንዞር ግን ይቻላል። ቁመቱን የሚለካውን ምናባዊ ቁጥር «ኢ» ብለን፣ ኢ² = −1 መሆኑን ይዘን፣ ወ = −½ + (√3/2)ኢ የሚለውን ቁጥር እንውሰድ። በወ ማባዛት ማለት በክብ ላይ 120 ዲግሪ መዞር ማለት ነው፤ ሦስት ጊዜ ሲዞሩ 360 ይሞላና ከተነሡበት ይደርሳሉ። ስለዚህ ወ³ = 1 ነው፤ 1፣ ወ እና ወ² የሚባሉት ሦስቱ የ1 ዘሮችም ክቡን በሦስት እኩል ቦታ ይከፍሉታል። ድምራቸው 0 ነው። ይህን ለተማሪዎችዎ በሰርግ ድንኳን ቢያሳዩአቸው ይቀልላቸዋል፦ የድንኳኑ ምሰሶ በእኩል አቅጣጫ በተተከሉ ሦስት ካስማዎች በእኩል ኃይል ሲወጠር ወደ የትም አያዘነብልም፤ አንዱ ገመድ የሚስበውን ሁለቱ ተባብረው ይመልሱታልና። 1 + ወ + ወ² = 0 የሚለው ጽሑፍ የሚናገረው ይህንኑ ነው።

አሁን ወንፊቱ ተሠርቷል ማለት ይቻላል። አንድን ርቢ ወስደን በቀ ቦታ በየተራ 1፣ ወ እና ወ² ብናስገባና ሦስቱን ውጤቶች ብንደምር፣ ርቢው ለ3 የሚካፈል ከሆነ ሦስቱም 1 ይሆኑና 3 እናገኛለን፤ ለ3 የማይካፈል ከሆነ ግን ሦስቱ በክቡ ላይ ይበታተኑና ድምራቸው 0 ይሆናል። ቀ⁴ን ቢወስዱ ወ⁴ = ወ ነው፣ ወ⁸ = ወ² ነው፤ 1 + ወ + ወ² እንደገና መጣ። በመጨረሻ ለ3 የምናካፍለውም ወንፊቱ ያሳለፈው እያንዳንዱ ኮኤፊሸንት ሦስት ጊዜ ስለተቆጠረ ነው። እኔ ራሴ ይህን ቀመር ስማር ማካፈሉ ከየት እንደመጣ ማንም አልነገረኝም ነበርና ብዙ ጊዜ ረስቼው ውጤቴ ሦስት እጥፍ እየሆነ ተቸግሬያለሁ፤ ምክንያቱን ካወቅሁ ወዲህ ግን አንድ ጊዜ እንኳ አልረሳሁትም።

የእርስዎን ጥያቄ እንሥራው። ለ1 የሚገኘው 2¹⁰ = 1024 ነው። ለወ የሚገኘው (1 + ወ)¹⁰ ሲሆን፣ 1 + ወ = −ወ² ስለሆነ፣ ርቢውም ተጋማሽ በመሆኑ የመቀነስ ምልክቱ ስለሚጠፋ፣ ወ²⁰ ይሆናል፤ 20ን በ3 ብንገድፍ 2 ይተርፋልና ይህ ወ² ነው። ለወ² የሚገኘው በተመሳሳይ መንገድ ወ¹⁰ ይሆናል፤ ይህም ወ ነው። ድምሩ 1024 + ወ² + ወ ሲሆን፣ ወ² + ወ = −1 ስለሆነ 1023 ይሆናል፤ ለ3 ሲካፈል 341። ተማሪዎ የፈራው ምናባዊው ክፍል በመጨረሻው መስመር ላይ የለም። ዘሮቹ ምንጊዜም ጥንድ ጥንድ ሆነው ስለሚመጡ፣ አንዱ ከክቡ አግድም መስመር በላይ ያለውን ያህል ሌላው ከበታች ስለሚሆን፣ የኮኤፊሸንቶቹ ድምር ላይ ስንደርስ ቁመቱ ራሱን ያጣፋል። ለተማሪዎ ብመልስለት የምለው ይህን ነው፦ ወ ሰው አይቆጥርም፤ የሚቆጥሩት ኮኤፊሸንቶቹ ናቸው፤ ወ የትኞቹ ኮኤፊሸንቶች እንደሚያልፉ ይወስናል።

ስሕተትዎ ወደ ተሠራበት ቦታ ደረስን። ይህ ወንፊት የሚያሳልፈው ለ3 የሚካፈለውን ርቢ ብቻ ነው። ሁለት ሰው የሚተርፍበትን ሲፈልጉ ርቢዎቹ 2፣ 5 እና 8 ናቸው፤ እነርሱ በዚህ ወንፊት ውስጥ አያልፉም፤ ስለዚህ ምንም ሳይለውጡ ሲያጠሩ የመጣልዎ ያው የመጀመሪያው መልስ ነው። መፍትሔው ከማጥራት በፊት ፖሊኖሚያሉን በቀ ማባዛት ነው። ያን ጊዜ እያንዳንዱ ርቢ በአንድ ከፍ ይላል፤ 2፣ 5 እና 8 የነበሩት 3፣ 6 እና 9 ይሆኑና ያልፋሉ። ባሕረ ሐሳብ የተማሩ ሰው ስለሆኑ ይህ አሠራር አይከብድዎትም፤ ከፍጥረት ጀምሮ የሚቆጠረው ዓመተ ዓለም በ19 ተገድፎ ከተረፈው ላይ አንድ ተቀንሶ ወንበር የሚባለው ቁጥር እንደሚገኝ ሁሉ፣ እዚህም መነሻውን በአንድ ማዛወር አለ፤ ልዩነቱ እዚህ የሚዛወረው ከመግደፉ በፊት መሆኑ ነው። ስሌቱ እንዲህ ነው፦ ለ1 የሚገኘው 1024፤ ለወ የሚገኘው ወ × ወ² = ወ³ = 1፤ ለወ² የሚገኘው ወ² × ወ = 1። ድምሩ 1026 ነው፤ ለ3 ሲካፈል 342፣ ተማሪዎችዎ በእጃቸው የቆጠሩት 45 + 252 + 45 ማለት ነው። አንድ ሰው ለሚተርፍበት በቀ² ያባዛሉ፤ ውጤቱ 341 ነው።

እኔን ሳይጠይቁ ሊያዩት የሚችሉት አንድ ምልክትም ነበረ። ምንም የማይተርፍበት፣ አንድ የሚተርፍበትና ሁለት የሚተርፍበት ሲደመሩ የሁሉም መንገዶች ብዛት ማለትም 1024 መሆን አለባቸው። 341ን ሦስት ጊዜ ቢደምሩት 1023 ብቻ ነው፤ አንድ መንገድ ጠፍቷል። ተማሪዎችዎ እንዲህ ያለ ስሌት በሠሩ ቁጥር ቀሪዎቹን ሁሉ ሠርተው እንዲደምሩ ቢያስለምዷቸው ብዙ ስሕተት በራሳቸው ይይዛሉ።

የጎረቤቶቹ ብዛት ከ10 ሌላ ቢሆንስ? እዚህ ላይ በጣም የምወደው ነገር አለ። 1 + ወ በክቡ ላይ 60 ዲግሪ ላይ ያለ፣ ርዝመቱም 1 የሆነ ቁጥር ነው፤ ስድስት ጊዜ በራሱ ሲባዛ 360 ዲግሪ ይሞላና 1 ይሆናል። ስለዚህ ከ2 ርቢ ላይ የሚጨመረው ወይም የሚቀነሰው ቁጥር በየስድስቱ ይመላለሳል። የጎረቤቶቹን ቁጥር በ6 ይግደፉ፦ ምንም ካልተረፈ 2 ይጨምሩ፣ 1 ከተረፈ 1 ይጨምሩ፣ 2 ከተረፈ 1 ይቀንሱ፣ 3 ከተረፈ 2 ይቀንሱ፣ 4 ከተረፈ 1 ይቀንሱ፣ 5 ከተረፈ 1 ይጨምሩ፤ ከዚያ ለ3 ያካፍሉ። ለ12 ጎረቤት 4096 + 2 ለ3 ሲካፈል 1366 ነው፤ በእጅ ቢደምሩት 1 + 220 + 924 + 220 + 1፣ ያው 1366። ለ9 ጎረቤት 512 − 2 ለ3 ሲካፈል 170 ነው። ይህን ሕግ በአብነት ትምህርት ቤት ያለ ተማሪ፣ ኮምፕሌክስ ቁጥር የሚባል ሰምቶ ባያውቅም፣ የ2017 ዓመተ ምሕረትን ወንጌላዊ በሚያወጣበት ዘዴ ሊሠራው ይችላል፤ 5500 ላይ 2017 ደምሮ 7517ን በ4 ሲገድፍ 1 ይተርፈውና ዘመኑ ዘመነ ማቴዎስ ይሆናል፣ እዚህም በ6 ገድፎ የሚጨምረውን ያውቃል። ባሕረ ሐሳብ ውስጥ ምናባዊ ቁጥር አለ ማለቴ እንዳልሆነ ይረዱልኛል፤ ሁለቱ የሚገናኙት ሁለቱም በሚዞር ነገር ላይ ስለሚሠሩ ነው።

በእጅ መቁጠር ሲያቅት ደግሞ የዚህ ዘዴ ኃይል ይበልጥ ይታያል። ከ1 እስከ 10 ኪሎ የሚመዝን ማር የያዙ 10 ዕቃዎች አሉ እንበል፤ አንዱ 1 ኪሎ፣ ሌላው 2 ኪሎ፣ እንዲህ እስከ 10። ጠቅላላ ክብደቱ በባለ 5 ኪሎ ጀሪካን ምንም ሳይተርፍ እንዲሞላ ዕቃዎቹን በስንት ዓይነት መንገድ መምረጥ ይቻላል? አንድም ዕቃ ያለመምረጥን ጨምረን ምርጫዎቹ 1024 ናቸው፤ እነዚህን ሁሉ ጽፎ ክብደታቸውን መደመር የአንድ ቀን ሙሉ ሥራ ነው። ፖሊኖሚያሉ (1 + ቀ)(1 + ቀ²)(1 + ቀ³) እያለ እስከ (1 + ቀ¹⁰) ይሄዳል፤ ወንፊቱም አምስቱ የ1 ዘሮች ናቸው፤ አሁን ወ ብለን የምንጠራው 72 ዲግሪ ላይ ያለውን ነው። በ1 ቦታ 1024 እናገኛለን። በወ ቦታ ስናስገባ ርቢዎቹ በ5 እየተገደፉ ያው አምስት ቅንፍ ሁለት ጊዜ ይመጣል፤ ስለዚህ የአምስቱን ብዜት ካወቅን በቂ ነው። ቀ⁵ − 1 ወደ አምስት ቅንፎች ይፈታል፤ እነርሱም ቀ ከእያንዳንዱ ዘር የሚቀነስባቸው ሳይሆኑ እያንዳንዱ ዘር ከቀ የሚቀነስባቸው ናቸው። በቀ ቦታ −1 ብናስገባ ግራው −2 ይሆናል፣ ቀኙ ደግሞ የምንፈልገው ብዜት በመቀነስ ምልክት ይሆናል፤ ምልክቱ አምስት ጊዜ ተገልብጧልና። ስለዚህ የአምስቱ ብዜት 2 ነው፤ ሁለት ጊዜ ስለመጣ 4። ሌሎቹ ሦስት ዘሮችም እያንዳንዳቸው ክቡን በሌላ ቅደም ተከተል ስለሚዞሩት ያው 4 ይሰጣሉ። 1024 + 4 × 4 = 1040፣ ለ5 ሲካፈል 208። ለተማሪዎችዎ የተውኩት ማረጋገጫ አለ፦ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት ወይም አራት ኪሎ የሚተርፍባቸው ምርጫዎች እያንዳንዳቸው 204 መሆን አለባቸው።

ሌሎቹ ዘሮች ሁሉ ያው ውጤት የሰጡት 5 ከ1 እና ከራሱ በቀር ለሌላ ቁጥር ስለማይካፈል ነው። ለ4 ወይም ለ6 እንዲህ ብለው እንዳይሠሩ አደራ እላለሁ፤ በዚያ እያንዳንዱ ዘር ለብቻው መሠራት አለበት።

ጥያቄ፦ በዳንግላ የ12ኛ ክፍል ተማሪ ነኝ። መምህራችን የ1 ዘሮችን በክብ ላይ ሥለው የኮኤፊሸንቶች ድምር እንደሚሠራባቸው ነግረውናል። ይህን ያገኘው ማን ነው? ከፈተና ውጭስ ምን ይሠራል?

መልስ፦ እህታችን፤ ከአንድ ተከታታይ ድምር ውስጥ በየሁለተኛው፣ በየሦስተኛው ወይም በየአራተኛው ያለውን ብቻ ለይቶ ለመደመር የሚያስችለውን አጠቃላይ ዘዴ እ.ኤ.አ. በ1750ዎቹ በለንደን ያሳተመው ቶማስ ሲምሰን ነው፤ በካልኩለስ ትምህርት የሲምሰን ሕግ ሲባል የምትሰሚው በእርሱ ስም ነው። የሸማኔ ልጅ ነበረ፤ ራሱም ሽመና ሠርቷል፤ ሒሳብን በአብዛኛው ያጠናው በራሱ ነው። እ.ኤ.አ. በ1796 ደግሞ ጀርመናዊው የሒሳብ ሊቅ ጋውስ 20 ዓመት ሳይሞላው በ17ቱ የ1 ዘሮች ተጠቅሞ ባለ 17 እኩል ጎን ምስል በማስመሪያና በኮምፓስ ሊሠራ እንደሚችል አረጋገጠ።

ለሁለተኛው ጥያቄሽ፦ ዘሮቹ ከፖሊኖሚያሉ ከፍተኛ ርቢ ከበለጡ ወንፊቱ እጅግ ይጠብና አንድ ኮኤፊሸንት ብቻ ያሳልፋል። በ(1 + ቀ)¹⁰ ላይ 11 ዘሮች ብትወስጂ እያንዳንዱን ኮኤፊሸንት ለብቻው ማውጣት ትችያለሽ። ይህ አሠራር ፉሪየር ትራንስፎርም ከሚባለው ጋር አንድ ነው። ኩሊ እና ቱኪ የተባሉ ሁለት አሜሪካውያን እ.ኤ.አ. በ1965 ስሌቱን በጣም የሚያፋጥን ዘዴ አሳተሙ፤ ጋውስ ተመሳሳዩን ቀደም ብሎ ጽፎት እንደነበር በኋላ ታውቋል። ዛሬ በእጅሽ ያለው ስልክ በፎርጂ ኔትወርክ መልእክት ሲቀበል ተደራርበው የመጡትን ሞገዶች የሚለያቸው በዚሁ ስሌት ነው።

ራስሽ መሞከር ከፈለግሽ በአራቱ የ1 ዘሮች ጀምሪ፤ እነርሱም 1፣ ኢ፣ −1 እና −ኢ ናቸው። ከላይ ያለውን (1 + ቀ)¹⁰ ወስደሽ ርቢያቸው ለ4 የሚካፈሉትን ኮኤፊሸንቶች ድምር አውጪ። (1 + ኢ)² = 2ኢ መሆኑን ከያዝሽ (1 + ኢ)¹⁰ ወዲያው 32ኢ ይሆንልሻል፤ የ−ኢ ደግሞ −32ኢ ነው፣ ሁለቱ ይጣፋሉና መልሱ 256 ነው። ከዚያ በቀ³ አባዢና ርቢያቸው በ4 ሲገደፍ 1 የሚተርፋቸውን ሥሪ፤ 10 + 252 + 10፣ ማለትም 272 ሊመጣልሽ ይገባል።